ከነሥሩ የመጣ ጦስኝ

ሌላው ሰው የስደት ታሪኩን ሲጽፍ ከጨለማ ይጀምራል፤ ውሻ ይጮኻል፣ ድንበር ይታለፋል፣ ሁሉም ያለቅሳል። እኔ ካገሬ የወጣሁት ፀሐይ ወጥታ፣ ቁርሴን በልቼ፣ ፓስፖርቴን በእጄ ይዤ ነው። የማልረሳው ግን ከዚያ በፊት የነበረውን ምሽት ነው። ጉለሌ አክስቴ ቤት እናቴና እኔ አንድ አልጋ ላይ ጋደም ብለን ስናንሾካሹክ አመሸን። የምናንሾካሹከው አክስቴን ላለመቀስቀስ አልነበረም። የቀበሌው ጽሕፈት ቤት ከጓሮው አጥር ጋር የተያያዘ ስለነበረ ነው። ያኔ አጥሩ ጆሮ አለው ቢሉኝ አምን ነበር፤ ሌላ ነገር ግን በቀላሉ አላምንም።

እናቴ የመጣችው ከጣርማ በር አካባቢ፣ ከብርዱ አገር ነው። በአውቶቡስ ስትወርድ ያመጣችልኝ ስንቅ አንድ ብቻ ነበር፦ በነጭ አቡጀዲ ከረጢት የተሰፋ ጦስኝ። «እህል እዚያም አለ ይላሉ፤ ይሄ ግን የለም» አለችኝ። ቀጥላ ሁለት ነገር አዘዘችኝ። አንደኛው ከረጢቱን ፀሐይ እንዳላስነካው ነው። ሁለተኛው ደግሞ «እናትሽ ስንት ልጅ አላት ብለው ቢጠይቁሽ አንድ በይ» የሚል ነበር።

ሁለት ነበርን። ታላቅ ወንድሜ አስተማሪ ለመሆን ይማር ነበር፤ ጓደኞቹ በየተራ ሲታፈሱ አንድ ቀን ከተማውን ጥሎ ወደ ደጋው ወጣ። ከዚያ በኋላ የት እንዳለ የምታውቀው እናቴ ብቻ ናት። እኔ አልጠየቅኳትም፣ እሷም አልነገረችኝም፤ የማያውቁትን ነገር ማንም ገርፎ አያወጣውም። ስሙን እዚህ አልጽፍም። እናንተን ስለማላምን አይደለም። እሺ፣ ስለማላምናችሁም ነው።

ስለ ጦስኙም ትንሽ ልንገራችሁ፣ እዚህ ሮም ተወልደው ያደጉ ልጆቻችን ይህን ቢያነቡ ግራ እንዳይገባቸው። ጦስኝ ደጋ ላይ፣ በድንጋይ መሐል መሬት ለመሬት እየተሳበ የሚበቅል ነው፤ ቅጠሉ ከምስር አይበልጥም። ሲረግጡት መዓዛው ያውዳል፤ ከሻይ ጋር ሲፈላ ጉንፋኑንም ሳሉንም ይዞ ይሄዳል። እናቴ ስትለቅመው ጫፍ ጫፉን በጥፍሯ ትቀነጥሳለች እንጂ አትነቅልም። «ሥሩን የነቀለ የከርሞውን ነቀለ» ትላለች። ጥላ ውስጥ ታደርቀዋለች፣ እንጨት እንጨቱን አንድ ባንድ ትለቅማለች፣ መጨረሻ ላይ አረንጓዴ ቅጠል ብቻ ይቀራል። የእናቴን ጦስኝ ከመቶ ከረጢት መካከል ዓይኔን ጨፍኜ እለያለሁ ብዬ እኮራ ነበር።

ቦሌ የሻንጣ ፈታሹ ከረጢቱን አወጣና አገላበጠው።

«ምንድነው?»

«ጦስኝ ነው።»

«የት ይሄዳል?»

«ከኔ ጋር ሮም።»

«ጣልያን ሻይ ቅጠል አጥቶ ነው?»

«የኔ ጉሮሮ ነው የሚያጣው።»

«ውስጡ ወረቀት የለም?»

«ካለ እርስዎ ያገኙታል» አልኩት። እጁን እስከ አንጓው ከተተና ሲያምሰው ቆየ። ወረቀት አላገኘም፤ ግን አንድ ጭብጥ ዘግኖ በመሐረቡ ቋጠረ። «ለምርመራ ነው» አለኝ ፊቱን ሳይፈታ። ማታ ቤቱ ሻይ አፍልቶ እንደመረመረው እገምታለሁ።

ፊውሚቺኖ፣ የሮም አየር ማረፊያ፣ ደግሞ ሌላ ፈታሽ ጠበቀኝ፣ ፀጉሩን በቅባት ያስተኛ ወጣት። ከረጢቱን አሸተተና ዓይኑ በራ፤ ሐሺሽ ያዝኩ ብሎ ነው። ውሻ አስመጣ። ውሻው አፍንጫውን ከተተ፣ ሁለት ጊዜ አነጠሰ፣ ከዚያም ጌታውን በቅሬታ አየው። በመጨረሻ አንድ ሽማግሌ መኮንን መጡና ቆንጠር አድርገው በጣታቸው አሹት። «ቲሞ ነው» አሉ። «የተራራ ቲሞ። ይሄ ከኮኒልዮ ጋር ሲጠበስ ነው።» ኮኒልዮ ምን እንደሆነ እንዳልገባኝ ሲያዩ በሁለት ጣታቸው ራሳቸው ላይ ጆሮ ሠርተው አሳዩኝ። ጥንቸል የሚበላ አገር መግባቴን ያኔ አወቅኩ። ከረጢቴን ተቀብዬ ደረቴ ላይ አጥብቄ ያዝኩ።

ፕራቲ በሚባለው ሰፈር ሲኞራ ሊዲያ ቤት ፊሳ ገባሁ፤ ፊሳ ማለት እዚያው እያደሩ መሥራት ነው፣ ዕረፍቱ ሐሙስ ከሰዓት በኋላና እሑድ ብቻ። መጀመሪያ የገረመኝ ሰላምታቸው ነው። እኛ ከብቱ፣ ልጁ፣ ዝናቡ ሁሉ ሳይጠየቅ ሰው አናልፍም፤ እነሱ ቻው ብለው ይገባሉ፣ ቻው ብለው ይወጣሉ። አየሩም የተገላቢጦሽ ነው። ነሐሴ ላይ እኛ ጋ በረዶ ሲጥል እዚህ አስፋልቱ ይቀልጣል። ብርዱ በተራው ሲመጣ ደግሞ እንደኛ ብርድ ደረቅ አይደለም፤ አጥንት ውስጥ ይገባና አልወጣም ይላል። ያ ብርድ ሲያስለኝ ጊዜ ጦስኜን አፈላሁ። ሲኞራ ሽታውን ተከትላ ወጥ ቤት ገባች።

«ያ ምንድነው?»

«ሻይ ነው፣ ሲኞራ።»

«ሻይ ቆርቆሮው ውስጥ ነው።»

«ይሄ የተራራ ነው።»

«ማን ለቀመው?»

«እናቴ።»

«እናትሽ ከሐኪም የተሰጣት ወረቀት አላት?»

«ሐኪሙ እሷ ናት፣ ሲኞራ።»

ሲኞራ ትንሽ በሳህን ቀድታ ለድመቷ አቀረበች። ድመቷ አሽትታ ፊቷን አዞረች። «አየሽ?» አለችኝ፣ ነገሩ በፍርድ ቤት የተወሰነ ይመስል። ድመት ሻይ እንደማትጠጣ ለማስረዳት ጣልያንኛዬ አልበቃኝም።

ሳምንት ሳይሞላ እሷም ሳለች። ካሞሚላ የምትለውን የአበባ ሻይ ብትጠጣ ብትጠጣ አልሻል ሲላት «ያ የሣር ውሃሽ አለ?» ብላ መጣች። ቀድቼ ሰጠኋት፤ ሲኒውን መልሳ ወደ እኔ ገፋችው። «መጀመሪያ አንቺ» አለችኝ። ሌላ ሰው ይቀየም ነበር፤ እኔን ግን ደስ አለኝ። እኛም አገር አሳላፊ በመዳፉ ጠብ አድርጎ ቀምሶ ነው ለእንግዳ የሚያቀርበው። አሎራ፣ እንግዲያው ይህች ሴትዮ ሥርዓት ታውቃለች ብዬ ግማሹን ጠጣሁላት። ብርዱ እስኪያልፍ እየቀመስኩ አጠጣኋት። ሳሉ ለቀቃት፤ ጥርጣሬው ግን እንዳለ ነበር።

ሐሙስ ሐሙስ ያገራችን ሰው ተርሚኒ ጣቢያ ፊት ለፊት ካለው አደባባይ ይሰበሰባል። ደብዳቤ የመጣለት ያነባል፣ ያልመጣለት የሌላውን ይሰማል። ግን ሁሉም የሚያወራው ስለ ሲኞራና ስለ ፔርሜሶ፣ ስለ መኖሪያ ፈቃዱ፣ ነበር፤ ስለ አገር ቤት ሲነሳ ዝናብ ዘነበ ከማለት አያልፍም። ከመካከላችን ለደርግ ወሬ የሚያቀብል አለ ይባላላ። ማን እንደሆነ ስለማይታወቅ ሁላችንም ነበርን። የአደባባዩ ታላቅ እትዬ ብርቄ ናቸው፤ በጃንሆይ ጊዜ ጣልያኖች ይዘዋቸው የመጡ፣ ለሁላችንም እንደ እናት የሆኑ ሴት። ስደርስ የመከሩኝ አንድ ቃል ነው፤ «ያልጠረጠረ ተመነጠረ፣ ልጄ።» እኔ ደግሞ ምክሩ ሳይሰጠኝም የምሠራበት ሰው ነኝ።

በሦስተኛው ዓመት፣ ሚያዝያ ላይ፣ አንድ ቄስ አደባባዩ መጡ። ጥቁር ካፖርት የለበሱ፣ ጢም የሌላቸው፣ ጫማቸው አዲስ። አባ ፍሥሐ ይባላሉ፤ ሊማሩ የመጡ ያገራችን የካቶሊክ ካህን ናቸው። አሁን እሳቸው እያልኩ እጽፋለሁ፤ ያኔ በልቤ እሱ ነበር የምላቸው። ጢም የሌለው ቄስ አይቼ ስለማላውቅ አንድ ጥርጣሬ በዚያው ያዝኩ። ሁለተኛው ጥርጣሬ የመጣው ሰውን ሁሉ «ከጣርማ በር የመጣች የሺ የምትባል ልጅ አለች ወይ?» እያሉ ሲጠይቁ ስሰማ ነው። የሺ እኔ ነኝ።

ወደ ዳር ወሰዱኝና ከካፖርታቸው ውስጥ አንድ ከረጢት አወጡ። «ከእናትሽ የተላከ ጦስኝ ነው። በብዙ እጅ አልፎ ነው እኔ ጋ የደረሰው» አሉኝ። ከዚያ ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። «ወንድምሽ በሱዳን በኩል ሊወጣ ነው። ካርቱም ስደተኛ የሚረዱ የቤተ ክርስቲያን ሰዎች አሉ፤ ሮም እህት እንዳለችው የሚያሳይ ወረቀት ካገኙ ጉዳዩን ይዘው ወደዚህ ሊያሻግሩት ይሞክራሉ። በእጅሽ የጻፍሽው ደብዳቤ፣ አድራሻሽና የፔርሜሶሽ ኮፒ ይበቃል። በሚቀጥለው ሳምንት ወደዚያ የሚሄዱ አባት አሉ፣ እሳቸው ይዘውት ይሄዳሉ።»

ወንድምሽ የሚለውን ቃል ከሰው አፍ ከሰማሁ ሦስት ዓመት ሆኖኝ ነበር። እናቴ ለኔ እንኳ በጨለማ በሹክሹክታ የነገረችኝን ነገር ይህ ሰው በጠራራ ፀሐይ ተርሚኒ ላይ ይናገራል። «እሑድ መልስ እሰጥዎታለሁ» አልኳቸውና የማደሪያቸውን አድራሻ ተቀብዬ ሄድኩ።

ቤት ገብቼ ከረጢቱን ወጥ ቤት ጠረጴዛ ላይ ዘረገፍኩት። መጀመሪያ የወደቀው አፈር ነው። ቀጥሎ ጠጠር። ጦስኙ ከነሥሩ ተነቅሏል፤ እንጨቱ ከቅጠሉ አልተለየም፤ ፀሐይ ላይ ደርቆ እንደ ገለባ ቢጫ ሆኗል። ከረጢቱም አቡጀዲ አይደለም። ካኪ ነው፣ በወፍራም ክር፣ የጣት ርዝመት ባለው ስፌት የተሰፋ። ሲኞራ በበሩ ብቅ ብላ «ቴራ፣ ወጥ ቤቴ ውስጥ አፈር» አለችና ሄደች። እኔ ወንበር ስቤ ተቀመጥኩ። ይህን እናቴ አልነካችውም። ታዲያ ማን ነካው? ካኪ የሚለብስ ማነው?

ያን ቀን ምሽቱን ሙሉ ነገሩን ስሸምን አመሸሁ። እናቴን አስረዋታል። ቤቷን በርብረው፣ ሰው ጠይቀው፣ ለልጇ ጦስኝ እንደምትልክ ደርሰውበታል። ከዚያ አንድ ወታደር ሄዶ እንዳገኘ ነቅሎ፣ ከዩኒፎርም በተረፈ ጨርቅ ሰፍቶ ላከው። እኔ «ወንድሜ ሆይ» ብዬ ስጽፍ፣ አንድ ልጅ ብቻ ነው ያለኝ ያለችውን እናቴን በገዛ ልጇ እጅ ጽሑፍ ያፋጥጧታል፤ እሱንም ከተደበቀበት ያወጡታል። እባብ ያየ በልጥ በረየ ይባላል። እኔ ልጡን ሳይሆን እባቡን ራሱን ያየሁ መሰለኝ።

ቅዳሜ ለገበያ ስወጣ ኤስኲሊኖ ከእትዬ ብርቄ ጋር ተገናኘን። ስለ ወንድሜ ትንፍሽ አላልኩም፤ ከረጢቱን ብቻ አሳየኋቸው። ካኪውን በአውራ ጣታቸው አሻሽተው «ይህ የእናትሽ እጅ ነው?» አሉኝ።

«አይደለም።»

«እንግዲያው ምን ትጠይቂኛለሽ?»

እሑድ አባ ፍሥሐ ማደሪያ ሄድኩ። እንግዳ መቀበያው ውስጥ አስቀመጡኝና ሻይ በሁለት ሲኒ ቀዱ። እሳቸው ሳይቀምሱ አልነካም ብዬ ጠበቅኩ። እሳቸው ደግሞ እንግዳዋ ትጀምር ብለው ጠበቁ። ሻዩ በመካከላችን ቀዘቀዘ።

«ጻፍሽው?» አሉኝ።

«ወንድም የለኝም፣ አባ።»

«ወንድም የለሽም?»

«የለኝም። እናቴ የወለደችው እኔን ብቻ ነው።»

«እህቴ፣ እንደገና አስቢበት።»

«የሌለ ወንድም ምኑ ይታሰባል?»

ፊቴን ለረጅም ጊዜ አዩት። «እሺ። እኔ እዚሁ ነኝ» አሉና እስከ በሩ ሸኙኝ። መንገድ ላይ ልቤ ወንድሜን አዳንኩ ይለኝ ነበር።

በዚህ ብቻ ብመለስ ጥሩ ነበር። በሚቀጥለው ሐሙስ ለእትዬ ብርቄ «ያ ጢም የሌለው ቄስ ሰው የሚያፈላልግ ነው፣ ተጠንቀቁ» አልኳቸው። እትዬ ብርቄ ለአንዷ ነገሩ፣ አንዷ ለአደባባዩ ነገረች። ወር ሳይሞላ አባ ፍሥሐ ሲመጡ ሴቱ ቦርሳውን እያነሳ ይበተን ጀመር። ሰላምታ ሲሰጡ የሚመልስላቸው አልነበረም። እጃቸውን ካፖርታቸው ኪስ ከተው ትንሽ ይቆሙና ወደ አውቶቡሱ ይመለሳሉ። ሐሙስ ከሐሙስ ግን መምጣታቸውን አልተዉም። ይህንንም ቆጠርኩባቸው፤ ንጹሕ ሰው ቢሆን ይቀር ነበር እል ነበር።

ጥቅምት ላይ የጎረቤታችን ልጅ አስካለ ሮም ለሥራ መጣች። አደባባይ ላይ ተቃቅፈን ተላቀስን፤ እናቴ በቤቷ እንዳለች፣ ማንም እንዳላሰራት ስትነግረኝ ሌላ ዙር አለቀስኩ። ከዚያ ወደ ጆሮዬ ጠጋ አለች።

«እት የሺ፣ የወንድምሽ ጦስኝ ደረሰሽ?»

«የማን አልሽ?»

«የሱ። እማማ ዳገት ላይ አዳልጧቸው ቀኝ እጃቸው ተሰብሮ ነበር እኮ። እኔ ነበርኩ የማበስልላቸው። ይህን ሲሰማ ተደብቆ ወረደ። ለየሺ ጦስኝ ሳይላክማ አይቀርም ብሎ ንጋት ላይ ሄዶ ለቀመው፤ ቸኩሎ ስለነበር ፀሐይ ላይ ነው ያደረቀው። ከረጢት ቢያጣ የዘመቻ ሱሪውን ኪስ ቀዶ ሰፋው።»

የዘመቻ ሱሪ። ተማሪ ሁሉ ለዕድገት በኅብረት ገጠር ሲዘምት የታደለው ካኪ። ወንድሜም ለብሶት ነበር፤ ሲመለስ ያጠብኩለት እኔ ነኝ። ካኪ ሲባል ወታደር ብቻ የታየኝ እንዴት ነው? ሮም ሆኜ፣ በተርሚኒ ወሬ ዓይኔ ተጋርዶ፣ የገዛ እጄ ያጠበውን ሱሪ አላወቅኩትም።

«እማማ ከነሥሩ ነቀልከው ብለው ተቆጡት» አለች አስካለ እየሳቀች። «እሱ ምን አለ መሰለሽ? ተዪው እማዬ፣ የሺ ሥሩን ስታይ የኔ እጅ መሆኑን ታውቃለች፣ ስንት ጊዜ አሳጥታኛለች አለ።»

እውነቱን ነው። ልጆች ሆነን ጦስኝ ስንላክ እሱ ሁልጊዜ እየነቀለ ነው የሚሞላው፣ ቶሎ ጨርሶ ለመጫወት። እኔ ደግሞ ቀድሜ ሮጬ ለእናቴ የምናገር ነበርኩ። በሥሩ የተነሳ ስንት ቀን ተገርፏል። ስሙን ቢጽፍ ያስበላዋል፤ ስለዚህ እኔ ብቻ የማውቀውን ጥፋቱን ላከልኝ። እኔ ያን አይቼ ወንድም የለኝም አልኩ።

አስካለ የሆነውን አላወቀችም። «ከፍልሰታ በኋላ ወጣ» ብላ ጨረሰችልኝ። «ወረቀትሽ ካርቱም እንደሚጠብቀው ተነግሮት፣ ደስ ብሎት ነው የሄደው።»

ያኔውኑ አውቶቡስ ይዤ አባ ፍሥሐ ጋ ሄድኩ። ራሳቸው በር ከፈቱልኝ፤ ያንኑ ክፍል አስገብተውኝ ሻይ ቀዱ። ሲኒዬን አንስቼ ሳልጠብቃቸው ጠጣሁት፤ ምላሴን አቃጠለኝ።

«ወንድም አለኝ፣ አባ።»

«አውቃለሁ» አሉኝ።

«ወረቀቱ ይጠብቅሃል ብሎ የነገረው ማነው?»

አንገታቸውን ደፉ። «እኔ ነኝ ያስነገርኩት። ወረቀቱ ይከተላል ብያለሁ። ትመጫለሽ ብዬ ነበር። በየሐሙሱ እዚያ የምቆመው ምናልባት ዛሬ ታናግሪኝ እንደሆነ ብዬ ነው።»

«ሰዉ ሁሉ ፊቱን ሲያዞርብዎ ለምን እውነቱን አልተናገሩም?»

«ምን ብዬ? ወንድም አላት ብዬ?»

ተንሰቅስቄ አለቀስኩ፤ እሳቸውም አላባበሉኝም፣ ወረቀትና እስክሪብቶ አምጥተው ፊቴ አስቀመጡ። እዚያው ቁጭ ብዬ ጻፍኩ። የፔርሜሶዬን ኮፒ አያያዝኩበት፤ በሚታመን ሰው እጅ ሄደ። ከካርቱም መልስ የመጣው ከፋሲካ በፊት ነው። ደብዳቤው ደርሷል፤ ባለቤቱ ግን አልተገኘም። ደብዳቤው ከመድረሱ ከሁለት ወር በፊት አንድ ረጅም፣ እግሩ የቆሰለ ሐበሻ ከሮም ወረቀት መጥቶልኛል ወይ ብሎ ጠይቆ ነበር ይላል። አልመጣም ሲሉት አመስግኖ ወጣ፣ ወዴት እንደሚሄድ አልተናገረም፣ ተመልሶም አልመጣም። ወንድሜ ረጅም ነው። ረጅም ሐበሻ ደግሞ ብዙ ነው።

በሚቀጥለው ሐሙስ አባ ፍሥሐን አስከትዬ አደባባዩ ላይ ቆምኩ። ለሁሉም፣ ወሬ የሚያቀብለውም ካለ እሱም እየሰማ፣ እኒህ ሰው ምንም አላጠፉም፣ ውሸታሟ እኔ ነኝ አልኩ። ስለ ወንድሜ ሌላ ዝርዝር አልጨመርኩም። እትዬ ብርቄ ከተቀመጡበት ተነሥተው የአባን እጅ ጨበጡ፤ ከዚያ ወደ እኔ ዞረው «ታዲያ ከእንግዲህ ማንን እንጠርጥር?» አሉኝ። የምራቸውን ነበር።

ይህን የምታነቡ፣ በገዳሪፍ ወይም በካርቱም ያለፋችሁ ያገሬ ልጆች፣ ሮም እህት አለችኝ የሚል ረጅም ሰው ገጥሟችሁ እንደሆነ ወረቀቱ መጥቷል በሉት። ዘግይቶ ነው እንጂ መጥቷል። ለምን ዘገየ ቢላችሁ እኔ እነግረዋለሁ፤ እናንተ አትንገሩት።

ለፋሲካ ከእናቴ ጋር በስልክ ለመገናኘት ቀጠሮ ያዝኩ። ቴሌግራም ልኬላት ደብረ ብርሃን ቴሌ ድረስ መጥታ ስትጠብቅ ዋለች። እኔ ተርሚኒ ስልክ ቤት፣ መስታወቱ ሣጥን ውስጥ ቆሜያለሁ። ድምጿ ከሩቅ፣ ከጉድጓድ ውስጥ እንደሚወጣ ሆኖ መጣ። እጇ እንደ ዳነ ነገረችኝ። ላሟ መውለዷን ነገረችኝ። እኔም ስለ ሲኞራ ሳል ነገርኳት። ሁለታችንም የምንጠያየቀውን እያወቅን በዳር በዳሩ ዞርን። በመጨረሻ እሷ ደፈረች።

«ያ ወረቀት ደርሶታል አይደል?»

አስካለ የሆነውን ሰምታ ጽፋላት ይሆናል ብዬ ነበር። ምንም እንዳልጻፈች ከድምጿ ገባኝ።

«የሺ፣ ትሰሚኛለሽ?»

«እሰማሻለሁ እማዬ።»

«ወረቀትሽ በእጁ ነው?»

ከመስታወቱ ውጪ ሰው ተራ ይጠብቃል። እውነቱን ልነግራት አፌን ከፍቼ ነበር።

«በእጁ ነው» አልኳት።

በረጅሙ ተነፈሰች፤ ትንፋሿ ሮም ድረስ ተሰማኝ። «እንግዲያው ዛሬ እተኛለሁ» አለችኝ።